ሴኮንድ ከእህቴ ጎን

ሰኞ፣ 4

ዛሬ ጠዋት ፎርማኑ ማሽኖቹን ሁሉ አስቁሞ አንዲት ልጅ እግር ሴት አስተዋወቀን። ከጥናት መሥሪያ ቤት ነው የመጣችው። መሥሪያ ቤቱ ለመከላከያ ሚኒስቴር ያጠናል አለ፤ በሚመጡት ዓመታት ስንት ዩኒፎርም እንደሚያስፈልግ፣ ያንን ለመስፋትም ስንት ሰው እንደሚበቃ። “እንደሚበቃ” ሲል ከኋላዬ ያሉት ሴቶች ወደ ፊት ጠጋ አሉ። የተረፈው ሰው ወደ አዲሱ ፋብሪካ ይዛወራል። አዲሱ ፋብሪካ ድንበሩ አጠገብ ነው፣ በአውቶቡስ የሁለት ቀን መንገድ። “የማይፈልግ ሰው ደግሞ...” ብሎ ጀመረና ተወው።

ልጅቷ አንገቷ ላይ ሰዓት አንጠልጥላለች፣ የስፖርት አስተማሪ የሚይዘውን ዓይነት። ምሳ ሳይደርስ እማማ ሬዲዮ “ሴኮንድ” ብለው ስም አወጡላት። ማታ ስንወጣ ፋብሪካው በሙሉ ሴኮንድ ይላት ነበር።

እኛ የኪስ ጠረጴዛ ነን። የወታደር ጃኬት የደረት ኪስ እንሰፋለን። ሦስት ነን፤ እማማ ሬዲዮ፣ እህቴ እታለምና እኔ። እማማ ሬዲዮ ስለማይዘጉ ነው ሬዲዮ የተባሉት። ጡረታ ሊወጡ አንድ ዓመት ቀርቷቸዋል። እኔን ዝምታ ይሉኛል። እታለም መሃላችን ትቀመጣለች፤ ለሁለታችንም የምታወራው እሷ ናት።

ሮብ፣ 6

በምሳ ሰዓት ሴቶቹ ከመጋዘኑ ጀርባ ተሰበሰቡ። እታለም ናት የተናገረችው።

“አትሩጡ፣ አትለግሙ። ክር ሲበጠስ ተረጋግታችሁ ቀጥሉት። የቦቢን ክር ሲያልቅ ተነሥታችሁ መሙያው ጋ ሄዳችሁ ሙሉ። መርፌ ሲሰበር ፎርማኑ እስኪያመጣ ጠብቁ። ልጅቷ ያለውን ነገር ትይ። ያለውን ካየች እዚህ ትርፍ ሰው እንደሌለ ይገባታል።”

“እንግዳ እንደሚመጣበት ቀን እንሥራ ነው የምትይን?” አለቻት ከቁልፍ ጠረጴዛ አንዷ።

“ኧረ በጭራሽ! እንደ ሁልጊዜው። ምንም እንግዳ እንደሌለ።”

እማማ ሬዲዮ፣ “እኔ ዝም በይ ካላችሁኝ ነው የሚከብደኝ” አሉና ሁሉም ሳቁ። ሁሉም እሺ አሉ። እኔም ራሴን ነቀነቅኩ። እኔ እሺ ማለቴን ግን ማንም አላየም።

ሐሙስ፣ 7

ቶሎ ልጻፍ፣ መብራት ሊጠፋ ነው። ሴኮንድ ለየሥራው በሰዓቷ የምትለካው አንድ አንድ ሰው መረጠች። ለኪስ እታለምን። በርጩማ አመጣችና በእታለምና በእኔ መሃል አስገባች።

በእታለምና በእኔ መሃል።

እሑድ፣ 10

ቀኑን ሙሉ ዝናብ። እማዬ ጉልበቷን በሙቅ ውኃ በተነከረ ጨርቅ አስራ ተኝታለች። እታለም የለችም። የት እንደሄደች አልጠየቅኩም።

እኔና እታለም አንድ አልጋ ላይ ነው የምንተኛው፣ ከልጅነቴ ጀምሮ። ከመተኛታችን በፊት የዋልንበትን ቀን ትተርክልኛለች። አብሬያት ብውልም ትተርክልኛለች፤ የፎርማኑን አረማመድ፣ የእማማ ሬዲዮን ዜና፣ የእኔን አቀማመጥ ሳይቀር። እሷ ስትነግረኝ ቀኑ ከዋልኩበት የተሻለ ይሆናል። እኔ ምንም አልልም፤ ብቻ እስቃለሁ። ከሷ በቀር የእኔን ሳቅ በደንብ የሚያውቅ ያለ አይመስለኝም።

አሁን የምትተርከው ስለ ሴኮንድ ነው። ሴኮንድ እንዲህ አለች፣ ሴኮንድ አባቷ ልብስ ሰፊ ነበር፣ ሴኮንድ ምሳዋን ትረሳለች። ሐሙስ ዕለት “እርስዎ” ትላት ነበር። ቅዳሜ “አንቺ” ተባባሉ። እኔ ከእማማ ሬዲዮ ጋር ሁለት ዓመት ተቀምጬ ገና ዓይናቸውን አይቼ መልስ መስጠት ይጨንቀኛል፤ እሷ በሁለት ቀን!

ትናንት “እንቅልፌ መጣ” አልኳት። አልመጣም ነበር። “እሺ ሚጢዬ” ብላ ፊቷን አዞረች። እሺ ባትል ደስ ይለኝ ነበር።

በማን እንደምቀና ራሴም በደንብ አልገባኝም። ሴኮንድ እህቴን ወሰደችብኝ እላለሁ። ደግሞ ሴኮንድ አንገቷን ዘንበል አድርጋ እታለም የምትለውን ስትሰማ ሳይ፣ እኔንም አንድ ጊዜ እንደዚያ ብትሰማኝ እላለሁ። ምን እንደምነግራት ግን አላውቅም።

ማክሰኞ፣ 12

ስለ እኔ ያወራሉ።

ማሽኔ ይጮሃል ብለው ነው፤ እኔ ግን ማሽኔን አቁሜ ነበር። እታለም፣ “ትንሿ ናት... አትናገርም እንጂ...” አለች። የቀረውን አልሰማሁም። ሴኮንድ ዞር ብላ አየችኝና፣ “ስንተኛ ክፍል ነበረች?” አለች። “ሰባትን ጨርሳ ስምንትን ጀምራ ነበር።”

ፊቴ እስከ ጆሮዬ ድረስ ጋለ። ትምህርት ያቋረጥኩት ሰንፌ ነው? እማዬ ጉልበቷን ሲያማት ወንበሯ ለሌላ እንዳይሰጥ ነው የገባሁት። እታለም ይህን ታውቃለች። ታዲያ ለዚያች፣ እንደዚያ ያለ ሰዓት፣ እንደዚያ ያለ ጫማ ላላት፣ የእኔን ስምንተኛ ክፍል ምን አስወራት?

ማታ ደግሞ፣ “ሚጢዬ፣ የትምህርት ቤት ካርድሽ የት ነው ያለው?” አለችኝ።

“ምን ያደርግልሻል?”

“ፈልጌው ነው።”

“ጠፍቷል” አልኳት።

አልጠፋም። እዚሁ ደብተር ውስጥ ነው። ለሴኮንድ ልታሳይብኝ ነው፣ አማካይ ውጤቴን አይተው ሊስቁብኝ።

ዓርብ፣ 15

ሁለት መርፌ ሰበርኩ። እታለም ከሴኮንድ ጋር ስትስቅ እጄ ይስታል። እማማ ሬዲዮ፣ “ምነው ልጄ፣ ዛሬ ኪሱን ነው ወይስ ሰው ነው የምትወጊው?” አሉኝ። ሁሉም ሳቁ። ሴኮንድም ሳቀች።

እሑድ፣ 17

ሴኮንድ ቤታችን መጣች።

እማዬ ለእንግዳ የተቀመጡትን ብርጭቆዎች አስወጣች። ለእኔ ልደት እንኳን አልወጡም። ወንበር ስለሌለን ሴኮንድን አልጋችን ላይ አስቀመጧት፣ በእኔ በኩል። እማዬ ጉልበቷን ረስታ ተነሥታ ትጋብዛለች፤ “እንዲህ ያለችውን ልጅ የወለደች እናት ታድላ!” ትላለች። ለእኔ ደግሞ፣ “ምነው እንደ በር ተገትረሽ ቀረሽ፣ ዳቦውን አቅርቢ እንጂ!”

ሴኮንድ በሚያምር ድምፅዋ፣ “አንቺስ? ምን መሥራት ደስ ይልሻል?” አለችኝ።

ዳቦውን እንደያዝኩ እታለም ቀደመችኝ።

“እሷማ ማሽን መፍታት ነው የምትወደው። ያንን የእማዬን አሮጌ የስፌት ማሽን በሙሉ ፈትታ መልሳ ገጥማዋለች። አንዲት ብሎን አልተረፈችም። ከዚያ ወዲህ እንደ ድመት ነው የሚያንኮራፋው።”

“እውነት?” አለች ሴኮንድ። ማስታወሻዋ ላይ የሆነ ነገር ጻፈች።

ስለ እኔ መናገር ልማዷ ሆኗል። አፍ የለኝም?

(የለኝም። አውቃለሁ።)

ስትሄድ ሸኘናት። እየዘነበ ነበር። እሷና እታለም በአንድ ጃንጥላ፣ ክንድ ለክንድ ተያይዘው። እኔ ከኋላ። ፌርማታው ጋ ሲደርሱ እታለም ዞር ብላ፣ “ውይ ሚጢዬ፣ በስብሰሻል እኮ! ለምን አትጠሪንም?” አለችኝ።

ሰኞ፣ 18

እታለም ሮብ ፈቃድ ወስዳለች፣ እማዬን ሐኪም ቤት ልታደርስ። ሴኮንድ፣ “ታዲያ ሮብ ኪስ ላይ ማንን ልይ?” አለች።

“ቅሪ፣ ሐሙስ እኔኑ ታዪኛለሽ” አለች እታለም ቶሎ ብላ።

ፎርማኑ ከኋላ ሆኖ፣ “ምን መቅረት አለ፣ ዝምታ አለች አይደል?” አለ።

ሴኮንድ አየችኝ። “እሺ። ዝምታን አያለሁ።”

አልጋ ላይ እታለም ወደ እኔ ዞረች። ስለ ሴኮንድ አላወራችም። “ሚጢዬ፣ እንደ ሁልጊዜው። እሺ? ቦቢን ሲያልቅ ቀስ ብለሽ ተነሺ።”

“እሺ።”

ለአንድ ቀን እንኳን በርጩማውን ለእኔ መልቀቅ አትፈልግም።

ማክሰኞ፣ 19

ምሳ አልበላሁም። ሥራ ነበረኝ።

ሮብ፣ 20

ሁሉንም ልጻፈው፤ እንቅልፍ እንደሆነ አይወስደኝም።

ገና ሳይደወል ገባሁ። ማሽኔን ጠርጌ ዘይት ሰጠሁት፣ አዲስ መርፌ አስገባሁ። ቦቢኖቹ ትናንት በምሳ ሰዓት የሞላኋቸው ነበሩ፣ የሽርጤ ሁለት ኪሶች እስኪወጠሩ። እጄ ኪሴን ሲነካ ክብ ክብ ይለኛል። የምሰፋቸውን የኪስ ክዳኖችም አስቀድሜ ደርድሬያቸው ነበር።

ሴኮንድ በርጩማዋን አጠገቤ አደረገች። የሳሙና ሽታ አላት። ሰዓቷን ጫን አደረገችና፣ “ቀጥዪ፣ እኔን እርሺኝ” አለች።

እንዴት እረሳታለሁ?

እንዲህ ሰፍቼ አላውቅም። ጨርቁ ራሱ ወደ መርፌው የሚሮጥ ይመስል ነበር። ቦቢን ሲያልቅ እጄን ወደ ኪሴ፣ አውጥቼ፣ ቀይሬ፣ ሳልነሣ። ለመሙላት አንዴም አልተነሣሁም። አንድ ኪስ ሲያልቅ ሌላው ተጀምሯል። እማማ ሬዲዮ ሁለት ጊዜ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። በሦስተኛው በእታለም ባዶ ወንበር ሥር እግሬን ረገጡኝ። ሰምቼ እንዳልሰማ ሆንኩ።

ሴኮንድ፣ “ክር አይበጠስብሽም እንዴ?” አለች።

“አይበጠስብኝም” አልኳት።

ድምፄ ወጣ! ሳልንተባተብ! ለሷ የነገርኳት የመጀመሪያው ቃል ነው።

ምሳ ሲደርስ ወረቀቷን አየችና በዝግታ፣ “አንቺማ ከእህትሽ ትበልጫለሽ” አለችኝ።

ከእህትሽ ትበልጫለሽ። እንደዚህ ብሎኝ የሚያውቅ የለም። እማዬም፣ አስተማሪም፣ ማንም።

ከሰዓት በኋላ እማማ ሬዲዮ አንድ ቃል አልተነፈሱም። ሬዲዮው ተዘጋ ብለው ከቁልፍ ጠረጴዛ ቀለዱ። እሳቸው አልሳቁም።

ማታ እታለም ደክሟት ተመለሰች። ሐኪሙ እማዬ ሥራ አትመለስም ብሏል፣ ለዘለቄታው። “ያንቺ ቀን እንዴት ነበር?” አለችኝ። “እንደ ሁልጊዜው” አልኳት።

ዓርብ፣ 22

የሴኮንድ የመጨረሻ ቀን። ልትሰናበተን ስትመጣ ለእታለም፣ “እህትሽ አስደነቀችኝ” አለቻት። ሮብ ዕለት የሰፋሁትን የኪስ ቁጥር አሳየቻት።

እታለም ቁጥሩን አይታ እኔን አየች። ትቀናለች ብዬ ጠብቄ ነበር። የፈራች ነው የምትመስለው።

“ይሄ ልክ አይደለም” አለች። “ይህንን አታስገቢ። ሰኞ መጥተሽ እኔን ድገሚ።”

ቀናችብኝ! ልቤ ደስ አለው፣ ምን ልዋሽ።

“ሰኞ ሪፖርቱ ይገባል” አለች ሴኮንድ። “ያንቺንም የሷንም ቁጥር እጽፋለሁ። የትኛውን እንደሚይዙት የሚወስኑት እዚያ ናቸው፣ እኔ አይደለሁም።” ከዚያ ወደ እኔ ጎንበስ አለች። “ዝምታ፣ እውነቱን ንገሪኝ። ሁልጊዜ እንደዚያ ነው የምትሠሪው?”

እታለም ዓይን ዓይኔን ታያለች። ተቆጥታ አልነበረም። ልጅ ሆኜ መንገድ ስታሻግረኝ እንደምታየኝ ነው ያየችኝ።

“አዎ” አልኩ። “ሁልጊዜ።”

ቅዳሜ፣ 23

እታለም ልብስ ልታጥብ ሽርጤን ገለበጠችው። ባዶዎቹ ቦቢኖች ወለሉ ላይ ተንከባለሉ፣ አልጋ ሥር ድረስ። አንድ በአንድ ለቀመቻቸው። መስኮቱ ደፍ ላይ ደረደረቻቸውና ማጠብ ቀጠለች።

አንድ ነገር እንድትለኝ ጠብቄ ነበር። ብትጮህብኝ፣ ብትመታኝ እንኳን።

እማዬ፣ “ምንድን ነው ያ?” አለቻት።

“ምንም። የሥራ ዕቃ ነው።”

ሰኞ፣ 9

ደብተሩን ለሁለት ሳምንት አልነካሁትም። የምጽፈው አልነበረም፤ ወይም ነበረ።

ዛሬ ፎርማኑ ውጤቱን ነገረን። እጅጌ እንዳለ ይቀጥላል። ኮሌታ እንዳለ። ቁልፍ እንዳለ። እዚያ ያሉት ሴቶች ተቃቀፉ። “ኪስ” አለ፣ “በጥናቱ መሠረት ሁለት ሰው ይበቃዋል። ማን እንደሚዛወር እስከ ዓርብ እናንተው ተነጋገሩና ንገሩኝ።”

ማንም ወደ እኔ አልዞረም። ያ ነው የባሰው። ሁሉም ያውቃሉ ማለት ነው።

ማክሰኞ፣ 10

እራት ላይ።

“እኔ እሄዳለሁ” አለች እታለም።

“አንቺ? ቤቱን በትከሻሽ የያዝሽው አንቺ?” እማዬ ጮኸች። “እዚያ ማን አለሽ? አሮጊቷ ትሂድ!”

“እማማ ሬዲዮ አንድ ዓመት ነው የቀራቸው። አልዛወርም ካሉ ያሰናብቷቸዋል፤ ከተዛወሩ መንገዱ ይገድላቸዋል። ሚጢዬ ደግሞ ብቻዋን ሰው አገር ገብታ ውኃ እንኳን አትጠይቅም።” ዳቦዋን ቆረሰች። “ደግሞ ፈጣኗ እሷ ናት። ፈጣን ሰው ነው የሚፈልጉት።”

ያለ አሽሙር ነው ያለችው። አሽሙር ፈልጌ ፊቷን ብዙ አየሁ። አልነበረም።

እኔ ልሂድ ማለት ነበረብኝ። አፌን ከፍቼም ነበር። እማዬ፣ “አንቺ ደግሞ ምን ታፈጥጫለሽ፣ እህትሽን ውኃ ቅጂላት” አለችኝ። ቀዳሁላት።

ሐሙስ፣ 12

ሴኮንድ የፋብሪካው በር ላይ ጠብቃ አስጠራችኝ። ሰዓቱን አልያዘችም። ዓይኗ ቀልቷል።

“እታለም እንደምትሄድ ሰማሁ” አለች። “ሌላው ነገር ግን አንቺን ይመለከታል። ጥናታችን ውስጥ አንድ ሐሳብ ነበረ፤ ወጣት ሠራተኞችን ለማሽን ጥገና ማሠልጠን፣ ማታ ማታ ደግሞ ትምህርታቸውን እንዲጨርሱ ማድረግ። እህትሽ ከመጀመሪያው ሳምንት ጀምሮ ስላንቺ ሳትነግረኝ የዋለችበት ቀን የለም። ማሽን ስለፈታሽው፣ ዝም ብለሽ ሁሉን ስለምታዪው... የትምህርት ቤት ካርድሽ ብቻ ነበር የጎደለው። ጠፍቷል አለችኝ። ምዝገባው ባለፈው ሰኞ ተዘጋ።”

እኔ ያኔ እታለምን ምን አልኳት? “ጠፍቷል” አልኳት።

ሴኮንድ ትከሻዬን ያዘች። ከሁለት ሳምንት በፊት ቢሆን እሞት ነበር በደስታ። “በጣም ነው የምትወድሽ” አለችኝ። “እኔ እህት የለኝም። እውነቱን ልንገርሽ፣ በርጩማው ላይ ሆኜ እቀናብሽ ነበር።”

ካርዱ እዚህ ገጽ ውስጥ ነው። ዳሩ በቀለም ተነክቷል። አማካይ ውጤቴ ጥሩ ነበር።

ቅዳሜ፣ 14

እታለም ሄደች።

አውቶቡስ ተራው ላይ ሰው ብዛት። እማዬ ስለማትቆም ሻንጣ ላይ ተቀምጣ አለቀሰች። እማማ ሬዲዮም መጡ፤ እታለምን አንገቷን አቅፈው ምንም ሳይናገሩ ቆሙ። እታለም፣ “እማማ፣ እባክዎ ያውሩ፣ ጠረጴዛው ይፈራል” አለቻቸው።

እኔ ልነግራት አስቤ ነበር። ሌሊቱን ሙሉ ቃሉን ስደረድር ነው ያደርኩት፤ ቦቢኖቹን፣ ካርዱን፣ “አዎ፣ ሁልጊዜ” ያልኩትን። ስታቅፈኝ ሁሉም ጠፋ።

“አውቃለሁ” አለችኝ በጆሮዬ። “ያኔ ዝናብ ላይ ዞር ብዬ ብመጣልሽ ኖሮ...” አልጨረሰችውም። ከዚያ አውቶቡሱ ላይ ወጣች፣ ተመልሳም ከደረጃው ላይ ሆና፣ “ሚጢዬ! ሰኞ መሳቢያዬን ክፈቺው!” አለች።

ማታ አልጋው ሰፋ። ጠርዙ ላይ ነው የተኛሁት፣ በራሴ በኩል።

ሰኞ፣ 16

የእታለም ወንበር ላይ ተቀመጥኩ። የእኔ ወንበር ተነሥቷል። ፎርማኑ አዲሱን የቀን ኮታ ግድግዳው ላይ ለጥፏል። ያ የሮብ ቁጥር ነው፤ የእኔ። ለእኔም፣ ለእማማ ሬዲዮም።

መሳቢያዋን ከፈትኩት። ቦቢኖቹ ነበሩ፣ እስከ አፉ ድረስ። ሁሉም ሞልተዋል። ዓርብ ሁሉም ሰው ሲወጣ ብቻዋን ቀርታ እንደነበረ ጥበቃው ነገረኝ። ክሩ እኩል፣ ጥብቅ ብሎ፣ እሷ እንደምትሞላው።

ግማሹን ወደ እማማ ሬዲዮ ገፋሁላቸው። አዩኝ። “አሁን ነው?” አሉኝ። ሌላ አላሉኝም፤ ወሰዱት ግን።

ሰፋን። ሳንነሣ ሰፋን። የሞላው ቦቢን ሁሉ ከምሳ በፊት አለቀ። ቦቢኔን ይዤ ልሞላ ስነሣ ፎርማኑ ከማዶ ሰዓቱን አየ።